ጥላው እንዳይዛነፍ

ሐምሌ በገባ በሁለተኛው ሳምንት፣ ሌሊቱን ሙሉ ሲወርድ ያደረው ዝናም ለጊዜው ጋብ ብሎ፣ ጉሙም ከሶር ወንዝ ወገን ተነሥቶ በመቱ ከተማ የቆርቆሮ ክዳኖች ላይ እንደተንጣለለ፣ ዕድሜያቸው ወደ ሰባ የሚጠጋ አንዲት ባልቴት ጉንጫቸውን በነጠላቸው ጫፍ ጠምጥመው ከአንድ የጥርስ ሕክምና ክፍል ደጃፍ አግዳሚ ወንበር ላይ ተቀምጠው አገኘኋቸው። የመጡት ከሁሩሙ ወገን ካለ የገጠር ቀበሌ ነው። ጎሕ ሳይቀድ ተነሥተው፣ ጭቃውን በእግራቸው፣ ዋናውን መንገድ በሚኒባስ አድርገው፣ የልጅ ልጃቸውን አስከትለው ደርሰዋል። ለመጓጓዣ የወጣው ገንዘብ፣ ሳይታረም የቀረው የበቆሎ ማሳ፣ የልጁም የሥራ ቀን፣ ይህ ሁሉ በግራ በኩል በታችኛው መንጋጋቸው ላይ ስለሚጠዘጥዛቸው አንድ ጥርስ የተከፈለ ዋጋ ነበረ። ለራጅ ባለሙያው ስለ ሙያው ልጽፍ እንደምሻ አስቀድሜ ስለ ነገርሁት፣ ባልቴቲቱም ራሳቸውን ነቅነቅ አድርገው ስለ ፈቀዱልኝ፣ ተከትያቸው ገባሁ።

ክፍሉ ጠባብ ነው። የራጁ መሣሪያ ከግድግዳው በወጣ ተጣጣፊ ክንድ ላይ ተንጠልጥሎ፣ ረዥም አፍንጫውን ወደ ወንበሩ ዘንበል አድርጎ ይጠባበቃል። ባለሙያው እጁን ታጠበ፤ ጓንቱን አጠለቀ፤ ጨረሩን የምትቀበለውን፣ ከአውራ ጣት ብዙም የማትበልጠውን ሴንሰር በስስ ላስቲክ ሸፍኖ በመያዣዋ ላይ ሰካት። ከዚያም ጎንበስ ብሎ፣ "ኣዴ፣ ይህን ከምላስዎ በስተጎን አስገባዋለሁ፤ ትንሽ ይጎረብጥዎታል፤ ቀስ ብለው ነክሰው ይያዙልኝ፤ በአፍንጫዎ ይተንፍሱ" እያለ በኦሮምኛ አስረዳቸው፤ በመጨረሻም "ሂን ሶቾኢና"፣ ማለት አይንቀሳቀሱ፣ አለ። እርሳቸውም "እሺ፣ ኢልማ ኮ"፣ ማለት እሺ ልጄ፣ ብለው አፋቸውን ከፈቱ። ሴንሰሯ ከገባች በኋላ ግን ወደ ጨረሩ መልቀቂያ ቁልፍ አልሮጠም። አንድ ጊዜ ከጎን፣ አንድ ጊዜ ከፊት፣ አንድ ጊዜም ከራሳቸው በላይ ሆኖ ተመለከተ፤ የአገጫቸውን አቀማመጥ በሁለት ጣቱ አስተካከለ፤ የመሣሪያውን የጨረር ቧንቧ አፍ ከመያዣዋ ቀለበት ጋር አጋጠመ። ሰዓቴን እያየሁ ነበር፤ መሰናዶው አራት ደቂቃ ወሰደ። ጨረሩ የወጣበት ጊዜ ግን የዓይን ጥቅሻ ያህል እንኳ አልሆነም።

እነዚያን አራት ደቂቃዎች በአድናቆት የተመለከትሁበት የራሴ ምክንያት አለኝ። ከጥቂት ዓመታት በፊት፣ በዚሁ በምዕራቡ የአገራችን ክፍል ስሟን በማልጠቅሳት ከተማ ሳለሁ፣ የላይኛው መንጋጋ ጥርሴ ታምሞ ራጅ እንድነሣ ታዝዤ ነበር። መጀመሪያ የተነሣው የጥርሱን አናት እንጂ ሥሩን አላሳየም። ሁለተኛው ሥሩን ከልኩ በላይ ጎትቶ እንደ መርፌ አቅጥኖ አወጣው። ሦስተኛው ደግሞ ግማሹ ነጭ ሆነ፤ ጨረሩ ከፊልሙ ሳይገጥም ወደ ጎን አልፎ ነበርና። ወረፋው ረዥም፣ ባለሙያውም የደከመ ስለ ነበረ አራተኛው ሳይነሣ ቀረ፤ ጥርሴም በግምት ተነቀለ። ይድን የነበረ ጥርስ ይሁን አይሁን እስከ ዛሬ አላወቅሁም። ከዚያ ቀን ጀምሮ ግን አንድ ነገር በልቤ ተተክሏል፤ ይኸውም የራጅ ስሕተት ከመሣሪያው ይልቅ ብዙውን ጊዜ ከመሣሪያው በፊት ባለው በዚያ አጭር ጊዜ ውስጥ የሚወለድ መሆኑ ነው።

ነገሩን ከሥሩ ለመጀመር ወደ 1888 ዓ.ም. መመለስ ያስፈልጋል። ዳግማዊ ምኒልክ ሠራዊታቸውን አስከትለው ወደ ሰሜን በተጓዙበት በዚያው ዓመት፣ ጥቅምት 29 ቀን፣ ቪልሄልም ኮንራድ ሮንትገን የተባለ ጀርመናዊ ሊቅ በቩርትስቡርግ ከተማ፣ በጨለመ ክፍል ውስጥ ስለ ኤሌክትሪክ ሲመረምር፣ ዓይን የማያየው፣ ሥጋን ግን አልፎ የሚሄድ ጨረር አገኘ። ጠባዩን ስላላወቀውም በሒሳብ ልማድ ላልታወቀ ነገር በሚሰጠው ፊደል ሰየመው። ታኅሣሥ 13 ቀን የሚስቱን እጅ አጥንት ቀለበቷ በጣቷ እንዳለ በመስታወት ሰሌዳ ላይ ገለጸው። ወሬው በዓለም ከተሰማ ሁለት ሳምንት ያህል ቢሆን ነው፣ ኦቶ ቫልክሆፍ የተባለ የብራውንሽቫይግ የጥርስ ሐኪም በጥቁር ወረቀት የተጠቀለለ የመስታወት ሰሌዳ ከራሱ አፍ ውስጥ አስገብቶ፣ 25 ደቂቃ ሙሉ ሳይንቀሳቀስ በጨረሩ ፊት በመቆየት የጥርስን ራጅ ለመጀመሪያ ጊዜ አነሣ። በየካቲት 23 የአድዋ ድል ሆነ። በግንቦት ወር ደግሞ ጁዜፔ አልቫሮ የተባለ ኢጣልያዊ ወታደራዊ ሐኪም በኔፕልስ ሆስፒታል ውስጥ ከዚሁ ዘመቻ ቆስለው የተመለሱ ወታደሮችን ክንድ በራጅ እያየ የተቀበረውን ጥይት ፈለገ፤ ይህም ራጅ ለጦር ቁስለኛ የዋለበት የመጀመሪያው ጊዜ ነው ተብሎ ይቆጠራል። እንግዲህ ይህ ጥበብ በተወለደበት ዓመት የፈተሸው አንዱ ነገር የኢትዮጵያውያንን ጥይት ነበረ። ይህን ሳስብ፣ ራጅን ከሩቅ አገር እንደ መጣ እንግዳ ዕቃ ብቻ መቁጠር አይቻለኝም።

ራጅ ምንድር ነው ቢሉ፣ ጥላ ነው። ፎቶግራፍ ከአካል ላይ የተመለሰ ብርሃን ሲሆን፣ ራጅ ግን አካልን አልፎ የሄደ፣ በአካሉም ውፍረትና ጥንካሬ መጠን የተከለከለ ጨረር የተወው ጽላሎት ነው። ጥርስና አጥንት ጨረሩን አብዝተው ስለሚከለክሉ ነጭ ሆነው ይታያሉ፤ ድድና ጉንጭ ስለሚያሳልፉት ይጠቁራሉ፤ በጥርስ ላይ የተበላው ቦታ፣ በሥሩም ጫፍ መግል የቋጠረው አጥንት፣ ጥንካሬያቸው ስለ ተሟጠጠ በነጩ መካከል እንደ ጥቁር ጠባሳ ይለያሉ። ጥላ ከሆነ ዘንድ ደግሞ ለጥላ ሕግ ይገዛል። የጥላን ሕግ ከኢትዮጵያውያን ይልቅ በትዕግሥት የመረመረ ብዙ ሕዝብ አለ ብዬ አልገምትም።

በገጠር አድባራት ሰዓት ሳይገባ ዘመን፣ የቅዳሴው ጊዜ መድረሱን ለማወቅ ደብተራው ከደጀ ሰላሙ ወጥቶ፣ በሜዳው ላይ ቀጥ ብሎ ይቆምና የራሱን ጥላ ጫፍ ምልክት አድርጎ በእግሩ ይሰፍረው ነበር። ፀሐይ ዝቅ ብላ ሳለች ጥላው ይረዝማል፤ እኩለ ቀን ሲሆን ከእግሩ ሥር ይሰበሰባል። ሰውየው አልረዘመም፣ አላጠረም፤ የተለወጠው የፀሐይዋ ከፍታ ብቻ ነው። የጥርስም ራጅ እንዲሁ ነው። ቧንቧው ከሚገባው በላይ ተጋድሞ ጨረሩን ዝቅ አድርጎ ከላከው፣ የጥርሱ ሥር እንደ ማለዳ ጥላ ተጎትቶ ከልኩ ይረዝማል፤ ጫፉም ከፊልሙ ወጥቶ ይቀራል። ቧንቧው አብዝቶ ከተቀና ደግሞ ሥሩ እንደ ቀትር ጥላ ተኮማትሮ ያጥራል። የጥርስ ሐኪሙም የሥሩን ቦይ ለመጥረግ መርፌውን በዚህ ሐሰተኛ ርዝመት ለክቶ ቢያስገባ፣ በአንደኛው ከሥሩ ጫፍ አልፎ አጥንቱን ይወጋል፤ በሌላው ሳይደርስ ቆሞ በሽታውን ከሥር ትቶት ይወጣል። የኔን ጥርስ ያቀጠነው ሁለተኛው ራጅ የማለዳ ጥላ ነበረ ማለት ነው።

ይህን ችግር በጂኦሜትሪ የፈታው አንቶኒ ቼሺንስኪ የተባለ ፖላንዳዊ ሊቅ ነው። ፊልሙ በአፍ ውስጥ ከላንቃው ቅስትና ከመንጋጋው ጥበት የተነሣ ከጥርሱ ጋር ትይዩ ሆኖ መቆም ሲያቅተው፣ በፊልሙና በጥርሱ መካከል ማዕዘን ይፈጠራል። ቼሺንስኪ እ.ኤ.አ. በ1907 እንዳስተማረው፣ ይህን ማዕዘን እኩል ለሁለት የሚከፍል መስመር በሐሳብ ይሰመር፤ ጨረሩም ወደ ጥርሱ ወይም ወደ ፊልሙ ሳይሆን ወደዚያ ወደማይታየው መስመር ቀጥ ብሎ ይውረድ፤ ያን ጊዜ ሁለት እኩያ ሦስት ማዕዘኖች ይሠራሉና የጥላው ርዝመት ከጥርሱ ርዝመት ጋር ይተካከላል። እንዴት ያለ ንጹሕ ሐሳብ ነው! ይህ ሰው እ.ኤ.አ. በሐምሌ 1941 ናዚዎች በልቮቭ ከተማ ካስረሸኗቸው መምህራን አንዱ መሆኑን ሳነብ አዘንሁ። ትምህርቱ ግን ከገዳዮቹ ዕድሜ ተርፎ፣ መያዣ በሌለበት፣ አፍም በሚጠብበት ሁሉ ዛሬም ይሠራበታል።

የማይታይን መስመር በሐሳብ ማስመር ግን የብዙ ልምድ ሥራ ነው፤ የባለሙያው ዓይን በደከመ ቀን መስመሩም ይደክማል። ስለዚህ ጎርደን ፊትዝጄራልድ የተባለ አሜሪካዊ እ.ኤ.አ. በ1947 ያስፋፋው ሌላው ስልት ይመረጣል፤ ፊልሙ ወይም ሴንሰሯ በመያዣ ተደግፋ ከጥርሱ ትንሽ ራቅ ብላ፣ ከጥርሱ ጋር ፍጹም ትይዩ ሆና ትቆማለች፤ በመራቋ ጥላው እንዳይገዝፍና እንዳይደበዝዝ ደግሞ የጨረሩ ምንጭ በረዥም ቧንቧ ይርቃል። በመቱ ያየሁት ቀለበት ያለው መያዣ ይህን ስልት የሚያገለግል ነው። ዋጋው ከመሣሪያው ጋር ሲነጻጸር ኢምንት ነው። መያዣው የጠፋበት፣ ወይም ተሰብሮ በሕመምተኛው ጣት የሚተካበት ክፍል ሁሉ፣ በውድ ገንዘብ የተገዛውን መሣሪያ ርካሽ በሆነ ነገር እጦት እያሰናከለ ነው ብዬ ሳልጠራጠር እናገራለሁ።

እስካሁን የተናገርሁት ስለ ቁመት ነው፤ የአግድሙ ስሕተት ደግሞ ይብሳል፤ በዓይን የሚያምር ራጅ ሆኖ ሳለ እውነቱን ይሰውራልና። ከመቱ ወደ ጎሬ ስትወጡ በመንገዱ ዳር የሚታየውን የእንጨት አጥር አስቡ። ፊት ለፊት ቆማችሁ ስታዩት በየእንጨቱ መካከል ያለው ክፍተት ግልጥ ነው፤ በክፍተቱም ግቢውን፣ ቡናውን፣ የንብ ቀፎውን ታያላችሁ። በጎን አልፋችሁ በስላች ስታዩት ግን እንጨቶቹ አንዱ በሌላው ላይ ተደርበው አጥሩ ግድግዳ ይመስላል። ጥርሶችም ጎን ለጎን የተተከሉ አዕማድ ናቸው። ጨረሩ በመካከላቸው ቀጥ ብሎ ካለፈ እያንዳንዱ ለብቻው ይታያል፤ በስላች ከመጣ ግን ጎኖቻቸው ይደራረባሉ፤ ሁለት ጥርስ በሚነካካበት ቦታ ተደብቆ የሚጀምረው ቀዳዳም በድርቡ ነጭ ውስጥ ይሰወራል። አሜሪካዊው ሐዋርድ ሬፐር እ.ኤ.አ. በ1925 የላይኛውንና የታችኛውን ጥርስ አናት በአንድነት የሚያሳየውን፣ ሕመምተኛው ትንሽ ክንፍ ነክሶ የሚነሣውን ራጅ ያወጣው ይህን ድብቅ ቀዳዳ ለማግኘት ሲል ነው። እንዲህ ያለው ራጅ ጎኖቹ ከተደራረቡበት፣ የተነሣበት ምክንያት ራሱ ቀርቷል ማለት ነው።

ሌሎቹ ስሕተቶች ራሳቸውን የሚያጋልጡ ስለሆኑ በእነርሱ ላይ አልቆይም። ቧንቧው ከሴንሰሯ ሳይገጥም ሲቀር፣ ጨረር ያልደረሰበት ክፍል ጨረቃ በግርዶሽ እንደምትቆረጥ ያለ ቅስት ሠርቶ ነጭ ይሆናል። ፊልም ተገልብጦ ሲገባ በጀርባው ያለው የእርሳስ ወረቀት ጨረሩን ይከለክልና ሥዕሉ ይገረጣል፤ የእርሳሱም ሽንትር እንደ መኪና ጎማ አሻራ ይታተምበታል። በፊልሙ ጥግ ያለችው እብጥ ያለች ነጥብ ግራና ቀኝን የምትለይ ስለሆነች፣ እርስዋን ያልተመለከተ ሰው የግራውን ጥርስ የቀኝ አድርጎ ሊያነብ ይችላል፤ ከዚህ የሚከተለውን ጥፋት መናገር አያሻም። ፊልሙ በጣት ተገፍቶ ሲጎብጥ የጥርሱም ሥር አብሮ ይጎብጣል። የሚያቅለሸልሸው ሕመምተኛ ቢያጋጥም፣ ከፊት ጥርስ ጀምሮ ወደ ኋላ መሄድ፣ በአፍንጫ ማስተንፈስ፣ ከምላሱም ጫፍ ጥቂት ጨው ማድረግ ይረዳል። ይህችን የጨው ዘዴ የነገረኝ ባለሙያው ነው፤ በሣጥኑ ውስጥ በትንሽ ብልቃጥ ያኖራታል።

መቱ ባለችበት በኢሉባቦር ምድር ግን በመጻሕፍት ብዙ የማይነገር ሌላ ጠላት አለ፤ እርሱም ርጥበት ነው። በቀድሞ ዘመን የጠቅላይ ግዛቱ መቀመጫ የነበረችው ጎሬ በዓመት ወደ 2000 ሚሊ ሜትር የሚደርስ ዝናም የምትቀበል ከተማ ናት፤ መቱም ብዙ አታንስም። የያዮን የጫካ ቡና ያሳደገ፣ ዩኔስኮም እ.ኤ.አ. በ2010 ባዮስፌር ከሚባሉት የሕይወት ክልሎች አንዱ አድርጎ ጫካውን እንዲመዘግበው ያበቃ ይኸው ርጥበት፣ በራጅ ክፍል መደርደሪያ ላይ ግን በረከቱ ይገለበጣል። የፊልም ፊት ጄላቲን የተባለ ከእንስሳት ቆዳና አጥንት የሚወጣ ሙጫ ስለሆነ ውሃ ይስባል፤ ተከፍቶ የቆየ ሣጥን ይሻግታል፤ ያረጀ ፊልምም ጉም እንደ ወረደበት ኮረብታ ግራጫ ይሆናል።

ፊልም በሚታጠብበት ጨለማ ክፍል ውስጥ ደግሞ ከሁሉ የባሰው ስሕተት ይሠራል። ማጠቢያው ፈሳሽ ሃያ ዲግሪ ያህል ሲሞቅ አምስት ደቂቃ ገደማ ይበቃዋል፤ በክረምት ማለዳ ቀዝቅዞ ሳለ በዚያው ጊዜ ቢወጣ፣ ወይም ፈሳሹ ከመሰንበት የተነሣ ቢደክም፣ ሥዕሉ ገርጥቶ ይወጣል። በዚህ ጊዜ የቸኮለ ሰው ፈሳሹን መለወጥ ሲገባው የጨረሩን መጠን ይጨምራል። ሥዕሉ ይጠቁርለታል፤ እርሱም ችግሩ የተፈታ ይመስለዋል። የፈሳሹን ድካም የከፈለው ግን የሕመምተኛው አካል ነው፤ ይህም በአንድ ሰው ላይ ብቻ ሳይሆን ፈሳሹ እስኪለወጥ ድረስ በሚመጡት ሁሉ ላይ ይደጋገማል። ሴንሰር ባለበት ክፍል ይህ ችግር የለም፤ ነገር ግን በሴንሰርም ቢሆን ኮምፒውተሩ ከመጠን ያለፈውን ጨረር አለስልሶ መልካም ሥዕል አድርጎ ስለሚያሳይ፣ ብዙ ጨረር መባከኑን ከመስተዋቱ ላይ አንብቦ ማወቅ አይቻልም። መጠኑን ጠንቅቆ መመዝገብ የሚያስፈልገው ስለዚህ ነው።

ጨረሩ ምን ያህል ይጎዳል የሚል ጥያቄ በአንባቢ ልብ መነሣቱ አይቀርም። የሰው ልጅ በአማካይ ከምድር፣ ከአየርና ከሰማይ በተፈጥሮ ብቻ በዓመት 2.4 ሚሊሲቨርት ያህል ጨረር ይቀበላል። አንዲት ትንሽ የጥርስ ራጅ የምትጨምረው ከጥቂት ማይክሮሲቨርት እስከ ሃያ ገደማ ነው፤ አንድ ሺህ ማይክሮሲቨርት አንድ ሚሊሲቨርት ስለሆነ፣ የአንዲቱ ራጅ ድርሻ ከተፈጥሮው የጥቂት ሰዓታት ወይም የጥቂት ቀናት ድርሻ ጋር እኩል ነው። ስለዚህ ሐኪም በሚገባ ያዘዘውን ራጅ የሚፈራ ሰው በከንቱ ይፈራል። በሌላ በኩል ግን ትንሽ ነው ተብሎ በቸልተኝነት የሚደጋገም ጨረር ምን እንደሚያደርስ የኒው ኦርሊንሱ የጥርስ ሐኪም የኤድመንድ ኬልስ ታሪክ ይመሰክራል። ይህ ሰው እ.ኤ.አ. ከ1896 ጀምሮ የመሣሪያውን ኃይል ገዛ እጁን በጨረሩ ፊት አቁሞ እየፈተነ ለብዙ ዓመታት ሠራ፤ ቀጥሎ ጣቶቹ፣ ከዚያም እጁ፣ ክንዱም በካንሰር ምክንያት ተቆረጡ፤ እ.ኤ.አ. በ1928 ሥቃዩን መሸከም አቅቶት ሕይወቱን በገዛ እጁ አሳለፈ። ዛሬ ባለሙያው ከጨረሩ መንገድ ወጥቶ ሁለት ሜትር ያህል ርቆ እንዲቆም፣ ፊልሙንም በጣቱ ደግፎ እንዳይዝ የሚከለከለው በእነ ኬልስ አካል ከተጻፈው ትምህርት የተነሣ ነው።

ብዙ ሰው ጥበቃውን ሁሉ ከእርሳስ ልብሱ ይጠብቃል። እ.ኤ.አ. በ2024 የአሜሪካ የጥርስ ሐኪሞች ማኅበር ሊቃውንት ማስረጃውን መርምረው፣ ለጥርስ ራጅ የእርሳስ ልብስና የአንገት መሸፈኛ ከእንግዲህ አስፈላጊ እንዳልሆኑ አስታወቁ። ምክንያታቸው፣ በዛሬ መሣሪያ ወደ ሰውነት የሚደርሰው ጨረር እጅግ ጥቂት መሆኑ፣ የአንገት መሸፈኛውም አንዳንድ ጊዜ በጨረሩ መንገድ ገብቶ ሥዕሉን በማበላሸት ራጁ እንዲደገም ማድረጉ ነው። በእኛ አገር ሥራው በጨረራ መከላከያ አዋጅና በተቆጣጣሪው መሥሪያ ቤት መመሪያ ስለሚመራ፣ ማንም በየራሱ ፈቃድ የእርሳሱን ልብስ ይጣል አልልም። የሊቃውንቱ ቃል ግን ያልጠበቅሁትን ነገር አስተማረኝ፤ የጨረሩን ስፋት ጠበብ አድርጎ ከሴንሰሯ ልክ ጋር ማስተካከልና ራጁን በአንድ ጊዜ አሳምሮ ማንሣት፣ ከከባዱ እርሳስ ይልቅ ሕመምተኛውን ይጠብቁታል። ራጅ ከመደገሙም በፊት የመጀመሪያው ለምን እንደ ተበላሸ መታወቅ አለበት፤ ምክንያቱ ሳይታወቅ የተደገመ ራጅ ያንኑ ስሕተት ይደግማል። ደግሞም ሐኪሙ የሚፈልገው የሥር ጫፍ በግልጥ ከታየ፣ ጥጉ ስለ ተቆረጠ ብቻ ለውበት ብሎ መድገም አይገባም።

እስካሁን የተናገርሁት በአፍ ውስጥ ስለሚነሣው ትንሽ ራጅ ነው፤ ሌላም ዓይነት አለ። መቱ ስሙን ከካርልሃይንዝ በም የወሰደ ካርል ሆስፒታል የሚገኝባት ከተማ ናት። ይህ የፊልም ተዋናይ፣ በ1973 ዓ.ም. በጀርመን ቴሌቪዥን ፊት ለረሀብተኞች ገንዘብ ሰብስቦ፣ ቀጥሎም ሰዎች ለሰዎች የተባለውን ድርጅት ካቋቋመ በኋላ፣ በኢሉባቦርም ብዙ ሥራ ሠርቷል። ከጎሬ፣ ከቡሬ፣ ከአልጌ፣ ከያዮ የሚነሣው ሕመምተኛ ለከባዱ ነገር ወደ መቱ ይመጣል፤ ከዚያ ያለፈው በበደሌ በኩል ወደ ጅማ፣ ወይም ስድስት መቶ ኪሎ ሜትር ያህል ርቆ ወደ አዲስ አበባ ይሻገራል። በእነዚህ ትልልቅ ከተሞች ጥርሱን ሁሉ በአንድ ጊዜ የሚያሳየው፣ በራስ ዙሪያ የሚሽከረከረው ፓኖራማ የተባለው ራጅ ይገኛል። እርሱም የራሱ ጠባይ አለው። አገጭ ዝቅ ካለ የጥርሱ ረድፍ አለልክ ፈገግ ያለ ይመስላል፤ ከፍ ካለ ደግሞ ያኮርፋል። ምላስ ከላንቃ ጋር ካልተጣበቀ፣ በመካከላቸው የተያዘው አየር በላይኛው ጥርስ ሥሮች ላይ ጥቁር ቀበቶ ይጥላል። ጉትቻ ካልወለቀ፣ በሌላው ወገን ከፍ ብሎ፣ ገዝፎና ደብዝዞ እንደ መንፈስ ይታያል።

ስለ ማተብ አንድ ነገር ልጨምር። አንዳንድ ባለሙያ ከቸኮለ "አንገትህ ላይ ያለውን ሁሉ አውልቅ" ይላል፤ ምእመኑም ማተቡን ከመበጠስ ራጁን ትቶ መሄድን ይመርጣል። ሁለቱም አያስፈልጉም። ክር ብቻ የሆነ ማተብ ለራጁ እንቅፋት አይሆንም። መስቀሉ ብረት ከሆነ፣ በክሩ ላይ ዝቅ ብሎ ከልብስ ሥር ወደ ደረት ቢወርድ ከጨረሩ መንገድ ይወጣል። ይህን በአክብሮት ማስረዳት ግማሽ ደቂቃ ይወስዳል።

በሕፃናት አፍ ውስጥ ደግሞ ራጅ የሚገልጠው ሌላ ኅቡእ ቁስል አለ። በአገራችን ብዙ ቦታ፣ ሕፃን ሲያስቀምጠውና ሲያተኩሰው፣ በድዱ ላይ እብጥ ብሎ የሚታየውን ገና ያልወጣ የክራንቻ ቡቃያ "ትል ነው" እያሉ በስለት የሚያወጡ ሰዎች አሉ። ልጁ ሲያድግ የሚተካው ክራንቻ ተጣሞ፣ ተጎድቶ፣ ወይም ሳይኖር ይቀራል፤ እናቲቱም ነገሩን የረሳች ትሆናለች። በትንሿ የልጆች ፊልም ላይ፣ ክራንቻው ሊገኝበት በሚገባው ስፍራ የተጎሳቆለ ቅርጽ ወይም ባዶ አጥንት ሲታይ፣ ያ የቀድሞ ስለት ከብዙ ዓመት በኋላ ይመሰክራል። ባለሙያው እንዲህ ያለውን ሥዕል ለወላጆች ሲያሳይ ድምፁን ዝቅ እንደሚያደርግ ነግሮኛል፤ ወላጅ ልጁን የጎዳው ሊያድነው ሲል መሆኑን ያውቃልና።

ወደ ባልቴቲቱ ልመለስ። ሥዕሉ ከኮምፒውተሩ መስተዋት ላይ ሲወጣ ባለሙያው ትንፋሹን ለቀቀ። የኋለኛዋ መንጋጋ ጥርስ ከእነ ሁለት ሥሮቿ፣ ከሥሮቿም ጫፍ በታች የጣት ጥፍር ጠርዝ ያህል አጥንት ተጨምሮ ሙሉ ሆና ትታያለች። እርሳቸው ታመመችብኝ ብለው በጣታቸው ያሳዩት፣ አስነቅለዋት ሊመለሱም የመጡት እርስዋን ነበር። ደኅና ናት። ከፊቷ ያለችው ጥርስ ግን ከጎረቤቷ ጋር በምትነካካበት ጎኗ፣ በመካከላቸው ባለችው የክር ያህል ጠባብ ክፍተት በኩል የገባ ጥቁር ቀዳዳ ወደ ውስጥ ዘልቆ፣ በሥሯም ጫፍ እንደ ጤፍ እንክብል ያለ ጥላ አሳርፏል። ጨረሩ ጥቂት በስላች ቢመጣ ኖሮ ሁለቱ ጥርሶች ተደራርበው ቀዳዳዋ ትሰወር ነበር፤ ሐኪሟም የሕመምተኛዋን ጣት አምና ደኅነኛዋን ትነቅል ነበር።

ሐኪሟ መጥታ ሥዕሉን አየች፤ ጥርሷን ሳይነቅሉ የሥሯን ቦይ ጠርጎ ማዳን እንደሚቻል፣ ለዚህም ሁለት ጊዜ ተመልሰው መምጣት እንደሚኖርባቸው በእርጋታ አስረዳቻቸው። ባልቴቲቱ የልጅ ልጃቸውን ትከሻ ተደግፈው ወደ መስተዋቱ ቀረቡ። እጃቸውን ከፍ አድርገው፣ መስተዋቱን ሳይነኩ፣ ጣታቸውን በጥቁሯ ነጥብ ትክክል ለረዥም ጊዜ አቆዩ።

"እዚህ ናት?"

"አዎን፣ ኣዴ፤ እዚያች ናት።"

"እኔስ ያችኛዋን ነበር የምወቅስ" አሉና ነጠላቸውን እንደገና በጉንጫቸው ላይ ጠመጠሙ። ዝናሙ በቆርቆሮው ላይ ጀምሮ ነበር። ልጁ የሚመለሱበትን ቀን በወረቀት ላይ ሲያስጽፍ፣ ባለሙያው መያዣዋን ነቅሎ ሊያጥብ ወደ ውሃው ሄደ።